የአርባ አንደኛው ሰው ዝምታ

አሮጊቷ ፖሊስ ጣቢያ የደረሱት ሐሙስ ጠዋት ሁለት ሰዓት ከሩብ ላይ ነው። አግዳሚ ወንበሩ ላይ ተራ የሚጠብቅ ሰው ሞልቶ ነበር፤ እሳቸው ግን ማንንም ሳያዩ ቀጥ ብለው ሄደው ከመርማሪዋ ጠረጴዛ ፊት ቆሙ።

«ሰውዬው ሞቷል ይሉኛል» አሉ።

«የትኛው ሰውዬ፣ እማማ?»

«ፊልም የሚሠራው ነዋ። ሐሙስ ይምጡ ብሎኝ መጣሁ። በሩ ላይ የእናንተ ወረቀት ተለጥፏል።»

መርማሪዋ እስክሪብቶዋን አስቀመጠች። መርማሪዋን ጣቢያው ውስጥ በስሟ የሚጠራት የለም፤ ሃያ ዓመት ሙሉ አንዱን ጥያቄ እየደጋገመች ሰዉን ሁሉ ስላሰለቸች «ወይዘሮ ለምን» ብለዋት በዚያው ቀርቷል። እሷም ለምዳዋለች። ፊት ለፊቷ ተዘርግቶ የነበረው ፋይል ደግሞ የዚያው የፊልም ሠሪ ነበር። ማክሰኞ ከሰዓት በኋላ፣ መብራት በጠፋበት፣ ሥራ ቦታው ውስጥ በጄኔሬተር ጭስ ታፍኖ ሞቷል። ፋይሉ ላይ «ድንገተኛ አደጋ» ተብሎ በቀይ ተጽፏል። የቀረው የእሷ ፊርማ ብቻ ነው፤ አለቃዋም ከጠዋት ጀምሮ ሁለት ጊዜ በበሩ ብቅ ብሎ «ፈረምሽ?» ብሏታል።

«ለምን ነበር የቀጠረዎት?»

«ስለ ልጄ ሊነግረኝ።» አሮጊቷ ተቀመጡ ሳይባሉ ተቀመጡ። «ልጄ ዘምቶ ቀርቷል። አምስት ዓመቱ። ሞቷል የሚለኝ የለም፣ አለ የሚለኝም የለም። ጠፍቷል ነው የሚሉኝ። ልጅ እንደ ቁልፍ ይጠፋል? ይሄ ሰውዬ ደግሞ ተራውን ወታደር እየፈለገ፣ ጦርነቱን እንዴት እንዳየው እያስወራ ይቀርጻል ሲሉኝ ሄጄ ለመንኩት። ማክሰኞ ሰባት ሰዓት ተኩል ላይ ደወለልኝ። ‹እማማ፣ ስለ ልጅዎ የሚያውቅ ሰው አገኘሁ፤ በስልክ የሚነገር አይደለም፤ ሐሙስ ይምጡ› አለኝ። ሁለት ቀን ዓይኔን አልከደንኩም። እንዲህ ብሎ የቀጠረ ሰው ዝም ብሎ ይሞታል?»

ጥያቄው ራሷ ወይዘሮ ለምን የምትጠይቀው ዓይነት ነበር።

ከአሮጊቷ ኋላ አንድ ቀጠን ረዘም ያለ፣ ሠላሳ ያልሞላው ወጣት ቆሟል። «ልጄ ነው» አሉ አሮጊቷ፣ ዞር ሳይሉ። «ያልወለድኩት። አስር አለቃ ነበር፤ ከልጄ ጋር አንድ ጋንታ። ተማርኮ ነው እንጂ አልሞተም ብሎ የነገረኝ እሱ ነው። ከዚያ ወዲህ ጓሮ ካለችው ክፍል አልወጣም። እሱ ባይኖር ይሄኔ አፈር ሆኜ ነበር።»

«እማማ፣ ይበቃል፤ እንሂድ» አለ አስር አለቃው ዝግ ባለ ድምፅ። አሮጊቷ ሲነሱ የአንድ እግራቸው የጫማ ማሰሪያ ተፈትቶ አየ። ወገባቸው አይታጠፍላቸውም። በጉልበቱ ተንበርክኮ አሰረላቸውና እንዳይፈታ አጥብቆ ሁለቴ ቋጠረው። ሥራውን የለመደ እጅ ነበር።

«ሊነግርዎ የነበረውን ነገር፣ ምንም ይሁን ምን፣ እኔ እነግርዎታለሁ» አለች ወይዘሮ ለምን።

የደነገጠችው ከአፏ ከወጣ በኋላ ነው። በሃያ ዓመት ውስጥ ለማንም ቃል ገብታ አታውቅም። አስር አለቃው ከተንበረከከበት ቀና ብሎ አያት፤ ከዚያ የአሮጊቷን ክንድ ይዞ ወጣ። እሷም ፋይሉን ሳትፈርም ቦርሳዋ ውስጥ ከተተች።

የሟቹ ሥራ ቦታ ከመስታወት መቁረጫ ቤት በላይ፣ ሦስተኛ ፎቅ ላይ ነው። አንድ ትልቅ ክፍል፣ አንድ በረንዳ፣ አንድ እቃ ቤት፤ ከእቃ ቤቱ ጋር ግድግዳ የሚጋራ ደግሞ መስኮት የሌለው ጠባብ የድምፅ ክፍል። የድምፅ ክፍሉ ግድግዳ እስከ ኮርኒሱ በስፖንጅ ተሸፍኗል፤ በሩ የክንድ ውፍረት አለው። አየር የሚገባው ከእቃ ቤቱ በኩል በተበሳች የመዳፍ ስፋት ባላት ቀዳዳ ነው። ጄኔሬተሩ እቃ ቤቱ ውስጥ ቆሟል፤ የእቃ ቤቱ መስኮት ተዘግቷል፤ ነዳጁ አልቋል።

በር የከፈተችላት የፊልሙ አቀናባሪ ናት። ከሟቹ ጋር ስምንት ዓመት ሠርታለች፤ ሬሳውንም ያገኘችው እሷ ነች። ዓይኗ አብጧል።

«አሥራ አንድ ሰዓት ላይ መጣሁ። ማዳመጫው ጆሮው ላይ ነበር፤ ጭንቅላቱን ጠረጴዛው ላይ ጣል አድርጓል። ያንቀላፋ መስሎኝ ‹ዛሬም አልበላህም አይደል?› ብዬ ተቆጣሁት።» ዓይኗን በመዳፏ ጠረገች። «ሞቶም ተቆጣሁት።»

ወይዘሮ ለምን ወደ እቃ ቤቱ ብቅ ብላ አየች። ከዚያ «ጄኔሬተሩ ሁልጊዜ እዚህ ነው?» አለች።

«በፍጹም። በረንዳ ላይ ነው። ፖሊሶቹ ዝናብ ሲመጣ አስገብቶት ነው አሉ።»

«አንቺስ ምን ትያለሽ?»

አቀናባሪዋ የእቃ ቤቱን በር ገፋ አድርጋ ጀርባውን አሳየቻት። በእጅ የተጻፈ ወረቀት ተለጥፏል፦ «ጄኔሬተር እዚህ ማስገባት ክልክል ነው። ቁጥር 9ን አስታውሱ።»

«ቁጥር ዘጠኝ ማነው?»

«እያንዳንዱ ወታደር ቁጥር አለው። ዘጠነኛው ምሽግ ውስጥ ጄኔሬተር አስነስተው በጭስ ስላለቁ ሦስት የሬዲዮ ሠራተኞች አወራን። እሱን በቀረጸ ማግስት ነው ወረቀቱን የለጠፈው። ዝናብ ሲመጣ በላስቲክ እንሸፍነዋለን እንጂ አናስገባውም።»

ወይዘሮ ለምን ጄኔሬተሩ አጠገብ ቁጢጥ አለች። ሁለት ትንንሽ ጎማ ስላለው አንድ ሰው ሊገፋው ይችላል። አናቱ ላይ የከረመ አቧራ ተኝቷል። አቧራው ላይ የጣት አሻራ እንጂ የአንድ ጠብታ ምልክት የለም። ዝናቡ ማክሰኞ የጀመረው ስምንት ሰዓት ላይ እንደሆነ የማያስታውስ የለም፤ መንገዱን ሁሉ ጎርፍ አድርጎት ነበር። እንግዲህ ዝናብ ሳይመጣ በፊት ገብቷል ማለት ነው። ለምን?

«ከሱ ጋር ተጣልታችሁ ነበር ይባላል» አለች ሳትነሳ።

«ሰኞ ዕለት። አልክድም። አርባ ወታደር ቀርጸናል፣ ስምንት ወር ሌት ተቀን ቆርጬ አቀናብሬያለሁ። ድንገት ተነስቶ ‹ንግግሩን ሁሉ እናውጣው፣ የዝምታውን ደቂቃ ብቻ እናስቀር› አለኝ። አብደሃል አልኩት። ቁልፉን ወርውሬ ሄድኩ።»

«የዝምታው ደቂቃ ምንድነው?»

«እሱን ጆሮ ይንገርዎት።»

ጆሮ የሚሉት የድምፅ ባለሙያው ነው። ግማሽ ቀን ሙሉ ሐኪም ቤት ሲጠብቅ ቆይቶ ነው የመጣው፤ ሲያናግሩት ቀኝ ጎኑን ያዞራል። ግራው አይሰማም። ሟቹ ይህን ያወቀው ባለፈው ወር ሲሆን፣ ሌላ ሰው እንደሚፈልግ ነግሮታል። ጆሮ ራሱ ሳይጠየቅ አወጣው።

«ሌላ ሰው ሲነግርዎ እንደ ክፉ ነገር እንዳይሰሙት ነው» አለ። «ተናድጃለሁ። ግን እኔም ብሆን ደንቆሮ አልቀጥርም።»

«ስለ ዝምታው ንገረኝ።»

«ሰውየው አውርቶ ሲጨርስ ማንም ከመቀመጫው አይነሳም። አንድ ደቂቃ ሙሉ ሁላችንም ዝም እንላለን፤ እኔ ያንን ዝምታ እቀርጻለሁ። ክፍል ሁሉ የራሱ ዝምታ አለው። ንግግር ስንቆርጥ ክፍተቱን የምንሞላው በሱ ነው፤ ባዶ ብንተወው ሰሚው ጆሮው የተደፈነ ይመስለዋል።» ፈገግ ለማለት ሞክሮ ተወው። «ወታደሮቹ ሲያወሩ ደህና ናቸው፤ ይቀልዳሉም። ጉዳቸው የሚወጣው ዝም በሉ ስንላቸው ነው። አንዱ በሩን ያያል፣ አንዱ እግሩ ይንቀጠቀጣል፣ አንዱ ያለቅሳል፤ ማልቀሱንም አያውቅም። እዚያ ጸጥ ካለ የሆነ ነገር ሊመጣ ነው። ገላቸው አልረሳውም። እሱ ይሄን አየ። ፊልሙ ይሄ ነው አለ።»

የድምፅ መቅረጫዋ ትልቁ ክፍል ጠረጴዛ ላይ ናት። አጠገቧ የሟቹ ማስታወሻ ደብተር ተከፍቶ፣ የመጨረሻው መስመር ላይ «41። ማክሰኞ 6፡30። ፊት የለም፣ ድምፅ ብቻ» ይላል። ከድምፅ ክፍሉ ደግሞ ጭንቅላቱ ሥር የተገኘች ብጣሽ ወረቀት አለች፦ «17ን እንደገና ስማ።»

«አርባ አንደኛው ማነው?»

«አናውቅም። ፊቱ እንዳይታይ የፈለገ ሰው ነው። ብቻውን ነው የቀረጸው።»

ጆሮ መቅረጫዋን ከፈተ። ሟቹ እያንዳንዱን ቅጂ በሁለት ይከፍለው ነበር፤ «ቃል» እና «ዝምታ»። አርባ ቃል፣ አርባ ዝምታ አለ። አርባ አንድ ቃል የለም። አርባ አንድ ዝምታ ብቻውን ቁጭ ብሏል።

ማዳመጫውን ጆሮዋ ላይ አደረገችው። መጀመሪያ ምንም የለም። ቆይታ የሩቅ መኪና፣ የወንበር ሲጥታ፣ የሁለት ሰው ትንፋሽ ሰማች። ከዚያ ቅጭ፣ ቅጭ፣ ቅጭ። ፋታ። እንደገና ቅጭ፣ ቅጭ፣ ቅጭ። ቀጭን ብረት ከቀጭን ብረት ጋር፣ ከጨርቅ ሥር። ዝናብ አይሰማም፤ ጄኔሬተርም አይሰማም።

«ምንድነው?» አለች።

ጆሮ በቀኝ ጆሮው ሦስት ጊዜ ሰማው። «አላውቅም» አለ። «ግን ሰውየው እያደረገው መሆኑን አያውቅም። ቢያውቅ ኖሮ ይተወው ነበር።»

ከመውጣቷ በፊት አሥራ ሰባተኛውን አሳዩኝ አለች። ስክሪኑ ላይ ብቅ ያለው የአሮጊቷ አስር አለቃ ነው፤ ከዓመት በፊት የተቀረጸ። ጓደኛው ቆስሎ እንዴት እንደተማረከ ረጋ ብሎ ያወራል። ከዚያ ዝምታው። ጉልበቱ ላይ ካረፉት እጆቹ ቀኙ ተነስታ ወደ ደረቱ ስታመራ ካሜራውን አየና መለሳት። ሸሚዙን ሊያስተካክል ፈልጎ የተወ ሰው ይመስላል።

ኮሎኔሉ የቀድሞ ወታደሮች ማኅበር ሊቀመንበር ናቸው። ቢሯቸው ከወለል እስከ ጣሪያ ፋይል ነው። ማክሰኞ ጠዋት ፊልም ሠሪው ዘንድ ሄደው ደረጃው እስኪናወጥ መጮሃቸውን ሕንፃው ሁሉ ሰምቷል።

«ጮሄያለሁ» አሉ። በእጃቸው የያዙትን የብረት ላይተር ይከፍታሉ፣ ይዘጋሉ። ቅጭ። ቅጭ። ወይዘሮ ለምን ጆሮዋ ቆመ። «ሲጋራ ካቆምኩ አራት ዓመቴ ነው፤ ላይተሩ ግን አልተወኝም» አሉ፣ ስታየው አይተው። «ያ ሰው ወታደሮቼን አንድ በአንድ እየጠራ ‹ኮሎኔሉ ቁስለኛ ጥለን እንድንሸሽ አዘዙ› አስብሏል።»

«አዘዋል?»

ላይተሩ ቆመ። «አዝዣለሁ። መቶ ሰው ለማውጣት ሃያ ሰው ጥያለሁ። አንቺ ብትሆኚ ምን ታደርጊ ነበር?»

ማስታወሻዋን ገለጠች። «የአሮጊቷስ ልጅ ከሃያዎቹ አንዱ ነው?»

«አይደለም። እሱ ከዚያ በፊት በቅኝት ላይ የቀረ ነው። አስከሬኑም አልመጣም፣ መለያውም አልመጣም። አንድ ወታደር አንገቱ ላይ አንድ የመለያ ቆርቆሮ አለው፤ አንድ ብቻ። ሲሞት ጓደኛው ቆርጦ ያመጣዋል። ቆርቆሮው ካልመጣ ‹ጠፍቷል› ነው የምንለው። ጡረታ የለ፣ ቀብር የለ፣ ለቅሶ የለ። እኚያ ሴትዮ ስንት ጊዜ እዚህ ወንበር ላይ እንደተቀመጡ ብነግርሽ...» አልጨረሱትም። ላይተሩ እንደገና ጀመረ።

ማታ ከመሆኑ በፊት አሮጊቷ ቤት ደረሰች። አስር አለቃው ከሚሠራበት ጋራዥ ገና መመለሱ ነው፤ የደጁን የተሰበረ መቀመጫ እየመታ ያበጃል። አሮጊቷ መስኮቱ ሥር ተቀምጠው ያዩታል። ግድግዳው ላይ የልጃቸው ፎቶ አለ፤ ከሥሩ ተጣጥፎ የተቀመጠ ሹራብ። ስድስት ወር ፈጅተው የሠሩለት ነው፤ ክረምት ሲገባ አውጥተው ያናፍሱታል።

«ማክሰኞ ከስድስት እስከ ስምንት የት ነበርክ?» አለችው ደጅ ላይ።

«ጋራዥ። የምሳ ሰዓት ነው፤ ዞር ዞር አልኩ።»

የት ነበርኩ ያለው ከሌሎቹ አይብስም፤ የአራቱም ቃል እንደ ወንፊት ቀዳዳ ነው። ኮሎኔሉም ብቻቸውን ምሳ በሉ፣ አቀናባሪዋም ቤቷ ተኛች፣ ጆሮም ሐኪም ቤት ወረፋ ነበርኩ ይላል።

«ፊልም ሠሪውን ትወደው ነበር?»

መዶሻውን ዝቅ አደረገ። «አብሮን የሚያለቅስ ሰው ነበር» አለ። «እኛን ሰው አይሰማንም። እሱ ይሰማ ነበር።»

ዓይኑ እንባ አቀረረ። እውነተኛ እንባ ነበር፤ ወይዘሮ ለምን የሐሰት እንባ አይጠፋትም። ወደ ቤቷ ስትሄድ መንገዱን ሁሉ ከራሷ ጋር ተሟገተች። የደረሰችበት ነገር ደስ አላላትም። አሮጊቷን ሳትጠራ ነገሩን ልትጨርሰው አሰበች፤ አድራ ግን «ቃል ገብተሽልኛል» የሚለው የአሮጊቷ ፊት አልለቃት አለ።

አርብ ከሰዓት በኋላ ሁሉንም ትልቁ ክፍል ውስጥ ሰበሰበቻቸው። አቀናባሪዋ፣ ጆሮ፣ ኮሎኔሉ፣ አሮጊቷና አስር አለቃው። ሁለት ፖሊሶች በሩ ላይ ቆሙ። መቅረጫዋ ጠረጴዛው መሀል ናት።

«ሰውየው በአደጋ አልሞተም» ብላ ጀመረች። «በዝናብ ምክንያት ገብቷል የተባለው ጄኔሬተር ጠብታ አልነካውም። ደረቅ ቀን ላይ ነው የገባው። ያስገባውም ሟቹ አይደለም፤ እንዳይገባ በራሱ እጅ ጽፎ የለጠፈ ሰው ነው። በሰባት ሰዓት ተኩል በሕይወት አለ፤ ለእማማ ደውሏል። ዝናቡ ስምንት ላይ ጀመረ። ነገሩ የተደረገው በዚያ ግማሽ ሰዓት ውስጥ ነው።»

«ያ ጭስ እንደሚገድል ማን ያውቃል?» አሉ ኮሎኔሉ።

«አራታችሁም። እነዚህ ሁለቱ ዘጠነኛውን ቀርጸውታል። እርስዎና አስር አለቃው ደግሞ ያኔ እዚያው ምሽግ ነበራችሁ። ስለዚህ በዚህ አልለየኋችሁም።» መቅረጫዋን ነካች። «በዚህ ነው። አርባ አንደኛው ሰው ስድስት ሰዓት ተኩል ላይ መጥቶ፣ ፊቱን ደብቆ፣ የሆነ ነገር ተናገረ። ንግግሩ ተሰርዟል። የሰረዘው መናገሩን የፈራ ሰው ነው፤ ያው ራሱ። ግን አንድ ነገር ትቷል፤ ዝምታውን። ለምን ተወው?»

የሁሉንም ፊት በየተራ አየች።

«ባዶ መስሎት ነው። ‹ዝምታ› የሚል አይቶ ምን ይኖረዋል ብሎ አለፈው። ጆሮ ዝምታ ባዶ እንዳልሆነ ያውቃል፤ እንጀራው ነው። አቀናባሪዋም ስምንት ወር ሙሉ ስትቆርጠው የኖረች ናት። ከሁለቱ አንዳቸው ቢሆኑ መጀመሪያ የሚሰርዙት እሱን ነበር።»

አቀናባሪዋ ፊቷን በእጇ ሸፈነች። ጆሮ ቀኝ ጎኑን ወደ ኮሎኔሉ አዞረ። ኮሎኔሉ ላይተሩን ሲከፍቱ ሁሉም አየው።

«ኮሎኔል፣ እሱን ጠረጴዛው ላይ ያስቀምጡልኝ።»

አስቀመጡት።

«አሁን ሰውየው ከእያንዳንዱ ወታደር ጋር ያደርገው የነበረውን እናደርጋለን። አንድ ደቂቃ ዝም እንላለን። ማንም እንዳይነሳ።»

ጆሮ መቅረጫዋን አስነሳ። ከታች የመስታወት መቁረጫው ጩኸት ይሰማ ነበር፤ ቆመ። አሮጊቷ ዓይናቸውን ጨፍነዋል። የኮሎኔሉ ጣቶች ባዶ ጠረጴዛ ይፈትጋሉ። አስር ሰከንድ፣ ሃያ ሰከንድ። ወይዘሮ ለምን ምናለ ባይሰማ ብላ ለመነች፤ ማንን እንደለመነች አላወቀችም።

ቅጭ፣ ቅጭ፣ ቅጭ።

አስር አለቃው ቀጥ ብሎ ግድግዳውን እያየ ነው። ቀኝ እጁ በሸሚዙ ቁልፎች መሀል ደረቱ ላይ ገብታለች። ፋታ። ቅጭ፣ ቅጭ፣ ቅጭ።

አሮጊቷ ዓይናቸውን ሳይገልጡ «ይሄን ድምፅ አውቀዋለሁ» አሉ። «ማታ ማታ ከጓሮ ይሰማኛል። መቁጠሪያ ይዞ ስለ ልጄ የሚጸልይ ይመስለኝ ነበር።»

እጁ ቆመች። ዘግይቶ ነው።

«አንድ ወታደር አንድ ቆርቆሮ ነው ያለው ብለውኛል፣ ኮሎኔል» አለች ወይዘሮ ለምን። «አንድ ቆርቆሮ ብቻውን አይንቀጫቀጭም። ሟቹ ለምን አሥራ ሰባትን እንደገና ሊሰማ እንደገባ ያኔ ገባኝ። አርባ አንደኛውና አሥራ ሰባተኛው አንድ ሰው ነው። ያን ጊዜ ዋሽቷል፤ ማክሰኞ እውነቱን ተናገረ። አውጣው፣ ወንድሜ።»

አስር አለቃው ክሩን ከአንገቱ አወለቀ። ሁለት ቆርቆሮዎች ናቸው። አንደኛው ጠርዙ በመፋተግ ብዛት ለስልሷል። ወይዘሮ ለምን ወደ ብርሃን አዙራ ማንበብ ጀመረች።

«ሦስት፣ ዘጠኝ፣ ዜሮ...»

«አራት፣ አራት፣ ሰባት» አሉ አሮጊቷ።

አምስት ዓመት ሙሉ በየቢሮው መስኮት የተናገሩት ቁጥር ነው።

«ቅኝት ወጥተን ነው» አለ አስር አለቃው። ለእሳቸው ብቻ ነው የሚናገረው። «አሥራ አንድ ሆነን። ሆዱን ተመታ። ጠላት አርባ እርምጃ አይርቅም፤ ሲያወሩ እንሰማለን። መጮህ ጀመረ። እጄን አፉ ላይ አደረግኩ። ወንድሜ፣ ትንሽ ብቻ ዝም በል እያልኩት። ዝም አለ። እጄን አላነሳሁም፤ እንደገና ይጮሃል ብዬ ፈራሁ። ሲነጋ ነው ያነሳሁት። አሥራችን ተመለስን።»

«ለምን ተማርኳል አልካቸው?» አለች ወይዘሮ ለምን።

«በሩን ከፈቱልኝ። ፊታቸውን አየሁ። ለአንድ ቀን ብዬ ነው የዋሸሁት። ነገ እነግራቸዋለሁ አልኩ። ነገ ሳልነግራቸው ልጄ አሉኝ።»

«ለፊልም ሠሪውስ?»

«ከሆዴ ይውጣልኝ ብዬ። አብሮኝ አለቀሰ። ከዚያ እዚያው ፊቴ ስልክ አንስቶ ደወለላቸው። እግሩ ላይ ወደቅሁ፤ ቀድሜ ልሙት፣ እባክህ አትንገራቸው አልኩት። ‹እናት ናት፣ ማወቅ አለባት› አለኝ። እውነቱን ነው። እውነቱን እንደሆነ አውቃለሁ።» እጆቹን አየ። «ድምፅ ክፍል ሲገባ ‹ስትወጣ ጄኔሬተሩን አስነሳልኝ› አለኝ። እሺ አልኩት።»

አቀናባሪዋ ተነስታ ወደ በረንዳው ወጣች። ኮሎኔሉ ላይተራቸውን አላነሱም።

«ምን እያለ ነበር የሚጮኸው?» አሉ አሮጊቷ።

አስር አለቃው ከንፈሩን ነከሰ።

«ምን እያለ ነው አልኩህ።»

«እማ።»

አሮጊቷ ራሳቸውን ቀስ ብለው ነቀነቁ፤ ለረጅም ጊዜ ሲጠብቁት የነበረ ደብዳቤ እንደደረሳቸው ዓይነት። ቆርቆሮውን ከወይዘሮ ለምን እጅ ወስደው ጨበጡት። አላለቀሱም። ፖሊሶቹ ካቴናውን ሲያስገቡለት ጠረጴዛውን ተደግፈው ተነሱ፤ አንድ እርምጃ እንደሄዱ የጫማቸው ማሰሪያ ተፈታ።

እሱ ነው መጀመሪያ ያየው። ማንም ሳይከለክለው፣ ልማድ ሆኖበት፣ በታሰሩት እጆቹ እንደምንም ሊቋጥርላቸው ተንበረከከ። አሮጊቷ ቁልቁል እጆቹን አዩ።

«በየትኛው እጅህ ነው?» አሉት።

ቀና ሳይል ቀኙን አሳያቸው። አሮጊቷ እግራቸውን ቀስ ብለው ከፊቱ ሳቡ። ከዚያ ማንንም ሳያዩ፣ የደረጃውን ብረት ይዘው፣ ማሰሪያው ከኋላቸው እየተጎተተ መውረድ ጀመሩ። ወይዘሮ ለምን ተከትላቸው ወጣችና ደረጃው አናት ላይ ቆመች። የምትጠይቀው አንድ ነገር እንኳ አልነበራትም። ውስጥ ጠረጴዛው ላይ መቅረጫዋ እስካሁን እየሠራች ነበር፤ ጆሮ እጁን ዘርግቶ ዘጋት።